ዜሮ የተጻፈበት ጠርሙስ

ጥቅምት 6

ቀጮ፣

"ለጤናህ እንደምን ከርመሃል" ብዬ አልጀምርም፤ ባለፈው "እንደ ድሮ ጸሐፊ ትጽፊያለሽ" ብለህ ስቀህብኛል። ደህና ነህ አይደል? በቃ፣ ሰላምታው ይኸው ነው።

የጠየቅኸኝን ልመልስ። አዎ፣ እበላለሁ። አዎ፣ ክፍሏም ያችው ናት፤ አልጋውን ካልገፋሁት በሩ አይከፈትም። የሠራተኛ መኖሪያ ቤት ተራሽ ቀርቧል ይሉኛል፤ ከቀረበ ግን ሁለት ዓመት ሆነው። ቤቱ እንደተሰጠኝ ልጄን እወስዳታለሁ። እማዬን "ሚጢን ላንቺ ለዘላለም አልሰጠችሽም" በላት፤ በቀልድ ታዲያ፣ እንዳትቀየመኝ። የላይኛው ጥርሷ ወለቀ ወይ?

አሁን ወደ ጉዴ ልምጣ። ማሽናችን ታሞ ከርሞ ጠጋኙ መጥቶ ነበር። አንተ በበረዶ ሳጥን የምትልካቸው የወንዝ፣ የቦይና የጉድጓድ ውሃዎች ውስጥ ፀረ ተባይ መድኃኒት መኖር አለመኖሩን የምለካበት ማሽን ነው። ዓመቱን ሙሉ ኮምፒውተሩ "አልተገኘም፣ አልተገኘም" ሲል፣ አለቃችን ሰው ባገኙ ቁጥር "ውሃችን ንጹህ ነው" እያሉ ሲኩራሩ ከረሙ። ለካ ማሽኑ ከዜሮ በታች የሆነውን ሁሉ "አልተገኘም" ብሎ እንዲጽፍ ታዞ ኖሯል። ጠጋኙ ያንን አነሣውና አሁን ቁጥሩን እንዳለ ያወጣዋል። የላይኛው ወንዝ ከዜሮ በታች ወጣ። ቦዩም ከዜሮ በታች። የትምህርት ቤቱ ቧንቧማ ከሁሉም ብሶ ቁልቁል ወረደ።

ከምንም የነጻ ውሃ ሰምተህ ታውቃለህ? አለቃችን "ወንድምሽ የሚቀዳው ከገነት ነው እንዴ?" አሉኝ።

እኔ እንደሚመስለኝ ችግሩ ዜሮ የተጻፈበት ጠርሙስ ነው። ከእያንዳንዱ ሳጥን ጋር የምትልከው፣ ምንም የሌለበት የተጣራ ውሃ መሆን ያለበት። ከመንገድ ወይም ከጠርሙሱ የመጣ እድፍ በሌሎቹ ላይ እንዳይቆጠርባቸው ማሽኑ የእሱን ልኬት በራሱ ከሁሉም ላይ ይቀንሳል። እሱ ውስጥ አንድ ነገር ካለ ግን ሌላው ሁሉ ያለ አግባብ ይቀነስበታል። ስለዚህ ወንድሜ፣ ሳትቆጣ ንገረኝ፤ እዚያ ጠርሙስ ውስጥ ምንድን ነው የምትጨምረው?

እህትህ


ጥቅምት 13

እትዬ፣

ደብዳቤሽን አቶ ቀስ ከበረዶው ሳጥን ክዳን ሥር ለጥፈው አመጡልኝ። ረጥቦ ነበር። "እህትህ አልቅሳበት ነው" አሉኝ። ሾፌራችን መኪናቸው ቀስ ቢልም ምላሳቸው ፈጣን ነው።

የሚጢ ጥርስ ወልቋል። በወረቀት ጠቅልላ ኪሷ ውስጥ ይዛው ትዞራለች። እናቴ ስትመጣ ነው የማሳያት ብላ እኔን እንኳ ከለከለችኝ። ቀልድሽን ለእማዬ አድርሻለሁ፤ መልሷም ይኸው፦ "ወስዳ የት ልታስተኛት ነው? በሩ ላይ?" ስለዚህ አልተቀየመችም።

አሁን ስለ ጠርሙሱ። የእኛ የኢንስቲትዩቱ ቅርንጫፍ ውሃ ማጣሪያ ከተቃጠለ ዓመት አልፎታል። ይጠገን ብዬ ደጋግሜ አመልክቼ የሰማኝ የለም። እናንተ ደግሞ ዜሮው ጠርሙስ ካልኖረ ሳጥኑን አትቀበሉም። ታዲያ ምን ላድርግ፣ አልቅሼ ልሙላው? ከእኛው ጉድጓድ ቀዳሁለት።

አሁን ዓይንሽን አታፍጥጪ። ከዚያ የነጻ ውሃ ካለ አሳዪኝ። አባዬ በገዛ እጁ የቆፈረው፣ እኔና አንቺ ያደግንበት፣ የሰፈሩ ግማሽ ጀሪካን ይዞ በራችን ላይ የሚሰለፍበት ውሃ ነው። ጎረቤታችን ልብስ ሰፊዋ እንኳ የቧንቧው ቆዳ ያሳክካል ብላ ሕፃን ልጇን የምታጥበው በእሱ ነው። እማዬ አንድም ሰው ባዶ ጀሪካን ይዞ ሲመለስ አይታ አታውቅም።

ደንብ መጣሴን አውቃለሁ። ለአለቃሽ አትንገሪብኝ። ግን ማን ተጎዳ? ከንጹህ ውሃ ላይ ንጹህ ውሃ ተቀንሶ የተጎዳ ሰው እኔ አላውቅም።

ቀጮ


ጥቅምት 18

ወንድሜ፣

በስልክ ያልኩህን አድርገሃል? ዘግተኸዋል? ድምፄ አልወጣ እያለኝ ግማሹን ብቻ ነው የሰማኸኝ፣ ስለዚህ ከመጀመሪያው ልንገርህ።

ደብዳቤህን አንብቤ ስቄ ነበር። "አልቅሼ ልሙላው" የምትለዋን ለአለቃችን ልነግራቸው ሁሉ አምሮኝ ነበር። ከዚያ እንዲያው እጄ ሥራ ሲፈታ ዜሮውን ጠርሙስ ለብቻው ማሽኑ ውስጥ አስገባሁት። ማሽኑ በራሱ ስለሚቀንሰው ቁጥሩን ለብቻው ያየ ሰው የለም፤ የባዶ ነገር ቁጥር ማን ያያል? ግራፉ ላይ ጠፍጣፋ መስመር ስጠብቅ መስመሩ ተነሣ። ተነሣና ከወረቀቱ አናት ወጥቶ ሄደ።

ማሽኑን አጥቤ ደገምኩት። ያው ነው። ሌላ ዜሮ ጠርሙስ ከፍቼ ደገምኩት። ያው ነው። እኛ ልጆች ሳለን የታገደ ፀረ ተባይ ነው፣ በበርሜል ይመጣ የነበረው ነጭ ዱቄት። ማሽኑ ስሙን ሲጽፈው ፊደል በፊደል ደግሜ አነበብኩት።

ወንዞቹም ውስጥ ትንሽ ትንሽ አለ። እኛ ግን የራሳችንን ጉድጓድ ከእነሱ ላይ ስንቀንስ ነው የከረምነው። መርዙን መለኪያ አድርገነው ሌላው ሁሉ ንጹህ መሰለን። ውሃ ሲወስድ እያሳሳቀ ነው የሚሉት እውነት ነው።

ሚጢ እዚያ ቤት ከገባች ሁለት ዓመት ሆናት። አየሩም ውሃውም ይስማማታል ብዬ የወሰድኳት እኔ ነኝ።

"ትመጫለሽ?" ላልከኝ፣ ቦርሳዬን ይዤ አውቶቡስ መናኸሪያ ድረስ ሄጄ ነበር። ተሰልፌ ተራዬ ሲደርስ ተመለስኩ። ደም ውስጥ ያለውን መጠን በዚህ ማሽን ማውጣት የምችለው እኔ ብቻ ነኝ። እኔ ከመጣሁ ደሟ ወደ ውጭ ተልኮ መልሱ ወራት ይፈጃል። እዚያ መጥቼ አቅፌያት ከማለቅስ እዚህ ቆሜ ብለካው ይሻላል። እናት እንዲህ ታስባለች ወይ ብለህ አትፍረድብኝ፤ ራሴ ፈርጄበታለሁ።

የሦስታችሁንም ደም ጤና ጣቢያ አስቀድተህ ላክልኝ። እንደ ደንባችን ስም አትጻፍ፣ ቁጥር ብቻ ጻፍ። የማን እንደሆነ ካወቅሁ ያየሁትን ቁጥር አላምነውም።


ጥቅምት 20

እትዬ፣

አድርጌያለሁ። ስልኩን እንደዘጋሁ ክዳኑን ደፍቼ ድንጋይ ጫንኩበት። እማዬ መጥታ "ምን ሆነሃል?" ስትለኝ አፌ ላይ የመጣው "ድመት ገብታበታለች" የሚል ነበር። ከየት እንዳመጣሁት እግዜር ይወቀው።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ብታዪ። ወሬው እንደተሰማ ሰፈሩ ድመት ሊያወጣ ተሰለፈ። የልብስ ሰፊዋ ባል ከሽቦ መንጠቆ ሠርቶ መጣ። ቀለሟ ምን ዓይነት ነው ብለው ሲያፋጥጡኝ ግራጫ ናት አልኩ፤ አንዱ ደግሞ "አዎ፣ ትናንት አጥር ላይ አይቻታለሁ" አይል መሰለሽ! እማዬ ቀሚሷን ሰብስባ ገመድ ስትጎትት ዋለች። ሳቅሽ መጣ? የእኔም መጥቶ ነበር። ሚጢ ጎኔ ቆማ አንገቷን አስግጋ ወደ ጉድጓዱ ስታይ ባየኋት ጊዜ ግን እጇን ይዤ ከዚያ አራቅኋት።

ሦስቱ ብልቃጦች ከዚህ ጋር አሉልሽ። ለእማዬ የስኳር ምርመራ ነው ብለናታል። ሚጢ አላለቀሰችም። "ለእናቴ ነው የሚላከው?" ብላ ነርሷን ጠየቀቻትና አዎ ስትላት እጇን ራሷ ዘረጋችላት። ነርሷ ፊቷን አዞረች።

ጥፋተኛው ማን እንደሆነ አልጻፍሽም። "አንተ ነህ" ብትዪኝ ይቀለኝ ነበር። ያን ጠርሙስ በሞላሁ ቁጥር ባልዲው ውስጥ የተረፈውን ቆሜ እጠጣው ነበር፤ ሲሞቀኝ። አሁን ትዝ ባለኝ ቁጥር ምላሴ ይደርቃል፣ ከዚያ ይጠማኛል፣ ከዚያ መጠጣት ያስፈራኛል።

ግን ከየት መጣ? በዙሪያችን እርሻ የለም። ከላያችን ያለው የቅርንጫፉ አጥር ብቻ ነው።


ጥቅምት 23

ቀጮ፣

ብልቃጦቹ ደርሰዋል። እስካሁን አልነካኋቸውም። ማሽኑን ለደም ማዘጋጀት ትዕግሥት ይፈልጋል፤ ብቸኩል አበላሸዋለሁ፣ ያለኝም ደም ይኸው ብቻ ነው። ጠዋት ስገባ ማቀዝቀዣውን ከፍቼ አያቸውና መልሼ እዘጋዋለሁ።

ለአለቃችን ነገርኳቸው። ጠርሙሱን ከየት እንደሞላኸው ጭምር። አትንገሪብኝ ብለኸኝ ነበር፣ ይቅር በለኝ። ዓመት ሙሉ ውሃው ንጹህ ነው ስንል ገበሬው በእኛ ቃል ሲጠጣ ከርሟል፤ ይህን በሆዴ ይዤ መዋል አልቻልኩም።

ይጮኻሉ ብዬ ስጠብቅ ወንበር ስበው ተቀመጡ። ቆይተው "ቤታችሁ ከቅርንጫፉ አጥር ሥር ካሉት ነው?" አሉኝ። አዎ አልኳቸው።

"ቦታው ለሠራተኛ ሳይመራ በፊት እዚያ የፀረ ተባይ መጋዘን ነበር" አሉ። "መድኃኒቱ ሲታገድ መጋዘኑ ፈረሰ። የተረፉት በርሜሎች ተቀበሩ። ያን ጊዜ እንዲህ ነበር የሚደረገው፣ ቆይቶ አፈር ይሆናል እየተባለ።"

"ማን ቀበራቸው?" አልኳቸው።

"መጋዘን ጠባቂው ነዋ፣ ያ ረጅሙ..." ብለው ጀመሩና ቀና ብለው አዩኝ። ቃሉን አልጨረሱትም። እኔም አልጨረስኩላቸውም።

አባዬ መጋዘን ጠባቂ እንደነበር ሁለታችንም እናውቃለን። የምን መጋዘን ብለን ጠይቀን ግን እናውቃለን? እኔ ሁልጊዜ የዘር መጋዘን ይመስለኝ ነበር። ልብሱ ላይ የሚመጣውን ነጭ ብናኝ ዱቄት ነው ብዬ በእጄ አራግፍለት ነበር።

ያቺን ድመት ተዋትና ለእማዬ እውነቱን ንገራት። አባዬ በሕይወት ሳለ የነገራት ነገር ካለ ጠይቃት። ጎረቤቶቹም ይወቁ።


ጥቅምት 25

እትዬ፣

ነገርኳት። ማሽኑን፣ በርሜሉን፣ ሁሉን። ሰማችኝና ስጨርስ ምን እንዳለችኝ ታውቂያለሽ? "ድመት እንደሌለች አውቃለሁ።"

ያን ቀን ሙሉ ገመድ ስትጎትት የዋለችው ሴትዮ ናት እንግዲህ። "ታዲያ ምን ስትጎትቺ ነበር?" ብላት "ሰው ሁሉ እያየኝ ምን ላድርግ?" አለች። ስለ አባዬ ስጠይቃት "ሙት ወቃሽ አታድርገኝ" ብላ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። ከዚያ ወዲህ እህልም ቃልም ከአፏ አልገባም አልወጣም ማለት ይቻላል። ለሚጢ ብቻ ትነሣለች። እንደ ሁልጊዜው በትንሿ ድስት ለብቻዋ ታበስልላታለች፣ ልጅቷ ጨው አትወድም ብላ።

ጎረቤቶቹን ለጠየቅሽኝ፣ ውሃው እስኪመረመር ታግዷል አልኳቸው። "ስለ ድመቷ ነው?" ሲሉኝ "አዎ" አልኩ። ፈሪ ነኝ። ምን ብዬ ልጀምርላቸው? ልብስ ሰፊዋ "እስኪጸዳ ድረስ ልጄን በቧንቧ አጥበዋለሁ እንግዲህ፣ ምን ይደረጋል" ብላ አጽናናችኝ። እሷ እኔን አጽናናችኝ።

ራስህን ያምሃል ወይ ላልሽው፣ ከዚህ ሁሉ በኋላ ራሱን የማያመው ሰው ካለ ጭንቅላት የለውም። ሌላ ምልክት የለኝም። የደሙን ነገር ቶሎ አድርጊው እንጂ፤ ሚጢ ባስነጠሰች ቁጥር ሮጬ ግንባሯን እዳብሳለሁ።


ጥቅምት 29

ወንድሜ፣

ስልኩን ጆሮዬ ላይ ስለዘጋህብኝ አልተቀየምኩም። ግን "ሦስተኛው የሚጢ ነው" ብሎ መዝጋት ምን ማለት ነው? ደግመህ ደጋግመህ ማልልኝ። እኔን ለማጽናናት ዋሽተኸኝ ከሆነ ደግሞ ዕድሜ ልኬን ዓይንህን አላይም።

በስልክ የነገርኩህን አሁን ረጋ ብዬ ልጻፈው። አንደኛው ብልቃጥ ብዙ አለበት። ሁለተኛው ከእሱም እጅግ ይበልጣል፤ እንዲህ ያለ ቁጥር በሰው ደም ላይ አይቼ አላውቅም። ሦስተኛው ግን ምንም የለበትም ማለት ይቻላል። ማሽኑ ተሳስቶ ነው ብዬ የራሴን ደም ቀድቼ አስገባሁ። እኔ ከዚያ ቤት ከወጣሁ ስንት ዘመኔ፣ በደሜ ውስጥ ግን አሁንም አለ። ሦስተኛው ከእኔም ያነሰ ነው። ያን ውሃ ቀምሶ የማያውቅ ሰው ደም ነው።

ያ ደግሞ የሚጢ ሊሆን አይችልም። እዚያ ቤት የምትኖር፣ እዚያ የምትበላ፣ እዚያ የምትጠጣ ልጅ ናት። ነርሷ ብልቃጥ አላቀያየረችም? አንተስ ቁጥሩን ስትጽፍ ዓይንህ ሌላ ቦታ አልነበረም? ስድብ አይደለም፣ ቀጮ። አንድ ጊዜ ከእጅህ የወጣ ስህተት ዓመት ሙሉ አሞኝቶኛል። ደስ ልሰኝ እፈልጋለሁ፣ ደስታው ግን እንደ ተውሶ ልብስ ጠበበኝ። ውሸት ከሆነ አሁኑኑ ንገረኝ።


ኅዳር 1

እትዬ፣

ማል ብለሽኛል። እኔ "እማዬ ትሙት" ማለት ነበር የለመድኩት፣ ዛሬ ግን ከአፌ አልወጣም። ዓይኔን ግንባር ያድርገው፣ ሦስተኛው የሚጢ ነው። ሲቀዳ ቆሜ አይቻለሁ፣ ቁጥሩን ራሴ ጽፌያለሁ። አንደኛው የእኔ ነው። ያ እጅግ የበዛው የእማዬ ነው።

ስልኩን የዘጋሁት ቁጥሮቹን ስትነግሪኝ ወዲያው ወደ እሷ መሄድ ስለነበረብኝ ነው። ልብስ ስታጥፍ ደረስኩባት። "ሚጢ ውሃ የምትጠጣው ከየት ነው?" አልኳት። ማጠፏን አላቆመችም። "ከቧንቧ" አለች።

ለካ ሁለት ዓመት ሙሉ ማለዳ ማለዳ "እግሬን ላፍታታ" እያለች የምትወጣው ከትምህርት ቤቱ ቧንቧ ልትቀዳ ኖሯል። ትንሽዬ ጀሪካን በሻርፕ ሸፍና ታመጣና አልጋዋ ሥር ትደብቃለች። የትንሿ ድስት ነገርም ይኸው ነው፤ የጨው ጉዳይ አልነበረም። ሚጢን ብጠይቃት "የጉድጓዱ የትልቅ ሰው ነው፣ የእኔ አልጋ ሥር ነው" አለችኝ፣ ማን የማያውቀው ነገር አለና በሚል ዓይነት።

ከዚያ እማዬ ተቀመጠችና ተናገረች። አባዬ ሊሞት ሲል "ጉድጓዱን ድፈኑት፣ በርሜሎቹ ከበላዩ ናቸው፣ አፈር ይሆናል ብለውኝ ነበር" ብሏታል።

"ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?" አልኳት።

"በዚያው ቀን እኔን 'ሴትዮ፣ አንቺ ማነሽ?' ብሎኛል" አለች። "ዕድሜዬን ሙሉ አብሬው ኖሬ። የትኛውን ልመን?"

እሱ ከሞተ በኋላ ጉድጓዱን መድፈን እሱን ሁለቴ መቅበር ሆነባት። የትኩሳት ወሬ ነው ብላ ተወችው። አንቺ ሚጢን ይዘሽ እስክትመጪ ድረስ። "እህትህ የልጅቷን እጅ እጄ ላይ አድርጋ 'እማዬ፣ አደራ' አለችኝ" አለች። "ልጅቷ ውሃ አለችኝ፣ ኩባያውን ሞላሁት። ልሰጣት ስል እጄ አልሄድ አለኝ። ደፋሁት።"

እትዬ፣ እኔ ያኔ "እኔስ?" አልኳት። እንደ ሕፃን። "እኔ ልጅሽ አይደለሁም ወይ?"

መልሷን ቃል በቃል ልጻፍልሽ፣ ከአእምሮዬ አይወጣምና። "አንተን ብከለክልህ 'ለምን?' ትለኛለህ። ለምን ካልከኝ እስከዛሬ ምን እንዳጠጣሁህ ልነግርህ ነው። ያንን የምናገርበት አፍ አልነበረኝም።" ቀጠለችና "እኔ ከሁላችሁም አብልጬ እጠጣ ነበር። ውሸት ከሆነ ምንም አልሆንም። እውነት ከሆነ ቀድሜያችሁ እታመማለሁ፣ ያኔ ይታወቃል ብዬ" አለች።

ልቆጣት ነው፣ እግሯ ላይ ልወድቅ ነው፣ አላውቅም። ወጥቼ አጥሩ ሥር ተቀመጥኩ። ከዚህ በላይ የምጠይቃት ጥያቄ ነበረኝ፤ ስለ ጎረቤቶቹ። አልደፈርኩም። አንቺ ጠይቂያት።


ኅዳር 3

ቀጮዬ፣

ደብዳቤህን ቆሜ ጀምሬ ላቦራቶሪው ወለል ላይ ተቀምጬ ጨረስኩት። የጽዳት ሠራተኛዋ መጥታ የሞተብኝ ሰው እንዳለ ጠየቀችኝ። የለም አልኳት፤ ልጄ ደህና ናት አልኳት፤ ከዚያ አለቀስኩ። ምንም አልገባትም።

"ይቅር ትያታለሽ ወይ?" ብለህ በስልክ ላልከኝ፣ አላውቅም። ልጄን አትርፋልኛለች። ወንድሜን አጠጥታዋለች። ሁለቱንም ያደረገችው አንድ እጅ ናት። ልስማት ብዬ ሳስብ የአንተ ቁጥር ፊቴ ላይ ይመጣል፣ ልጮህባት ሳስብ ሚጢ ትመጣለች። እስቲ አንተ ንገረኝ፣ የጠጣኸው አንተ ነህ።

የጎረቤቶቹን ግን እኔ አልጠይቃትም። ራሷ ትነግራቸዋለች። ድመቷንም አንተ አምጥተሃታልና አንተ አውጣት። የኢንስቲትዩቱ ቡድን ጭንብል አጥልቆ ሊቆፍር መምጣቱ ነው፤ ሰዎቹ ያን አይተው ሳይሆን ከእኛ አፍ ይስሙ። ቀድመን የጠጣን እኛ ነን፣ ቀድመን ያወቅን እኛ ነን።

አለቃችን ለሰፈሩ ሁሉ የሚበቃ ብልቃጥ ፈቅደውልኛል። ስለ አንተ ጠርሙስ ስጠይቃቸው "ማጣሪያውን ሳላስጠግን ዜሮ አምጣ ያልኩት እኔ ነኝ" አሉ። ይህን ሁሉም ሰው ባለበት ነው ያሉት።

ስለ ቁጥርህ አልዋሽህም። ይገድላል አይባልም፣ ደህና ነው አይባልም። መድኃኒት የለውም። ከእንግዲህ አትጠጣ፣ በየጊዜው ጉበትህን አስመርምር። የእማዬን ስመጣ በአፌ እነግራታለሁ። ዓርብ ከአቶ ቀስ ጋር እነሣለሁ። ያን ቀን እንኳ ቶሎ እንዲነዱ ለምንልኝ።


ኅዳር 6

እትዬ፣

ይህን አቶ ቀስ ሊወስዱሽ ሲመጡ ይሰጡሻል። መኪናው ውስጥ አንብቢው፤ ከመድረስሽ በፊት ማወቅ አለብሽ።

ደብዳቤሽን ለእማዬ አነበብኩላት። "አንድ እጅ ናት" የሚለው ጋ ስደርስ ልዘለው ብዬ ነበር። ዓይኗን ከአፌ ላይ ስላላነሣች አነበብኩት። "እውነቷን ነው" አለች። ፊቷን ታጠበች፣ ሻርፗን ደረበችና ወጥታ በራችን ላይ ቆመች።

ሰው ጠዋት ጠዋት "ድመቷ ወጣች ወይ?" እያለ ጀሪካኑን እንደያዘ ብቅ ይላል። ለመጣው ሁሉ ነገረችው። "ድመት የለም። ውሃው መርዝ አለበት። ባሌ ሊሞት ሲል ነግሮኝ ነበር፣ አላመንኩትም።" መጀመሪያ የሰሙት ሳቁ። ጡረተኛው መምህር "እመቤት፣ በእንዲህ ያለ ነገር አይቀለድም" አሏት። እኔ ጎኗ ቆሜ ነበርና "እውነት ነው፣ የድመቷን ውሸት የፈጠርኩት እኔ ነኝ" አልኩ። ሰውየው ጀሪካናቸውን አስቀምጠው አፋቸውን በእጃቸው ይዘው ቀሩ። አንዷ ሴት እዚያው አስታወከች። ሌላው ሰደበን፣ አባዬን ጭምር። እማዬ አዲስ ሰው ሲመጣ እንደገና ከመጀመሪያው ትነግረዋለች።

ልብስ ሰፊዋ ልጇን አዝላ መጣች። እስከ መጨረሻው ሰማች። እንደሌሎቹ አልጮኸችም፣ እኔ ደግሞ ትጩህ ብዬ ስጠብቅ ነበር። ቀስ ብላ አንድ ነገር ጠየቀቻት።

"ለልጅ ልጅሽስ ምን ታጠጪያት ነበር?"

እትዬ፣ እማዬ መዋሸት ትችል ነበር። ማንም አያውቅባትም ነበር። እግዜር ይቅር ይበለኝና እኔ ትዋሽ ብዬ ጸለይኩ።

"የቧንቧ" አለች።

ልብስ ሰፊዋ ልጁን ከጀርባዋ አውርዳ ደረቷ ላይ አቀፈችው፣ እግሩን፣ እጁን፣ ሆዱን ዳበሰችው፣ ከዚያ ወደ ጤና ጣቢያው መንገድ ጀመረች። እማዬ ተከተለቻት። "ልጄ፣ ልያዝልሽ" እያለች እጇን ስትዘረጋ ዞር ብላ "አትንኪው" አለቻት። እማዬ እጇን ሰበሰበችና ከኋላ ከኋላዋ ሄደች።

ይህን የምጽፍልሽ ጤና ጣቢያው ፊት ለፊት ካለው አጥር ላይ ተደግፌ ነው። ልብስ ሰፊዋ ውስጥ ናት። ደሙን እየቀዱት ነው መሰለኝ፣ የሕፃኑ ለቅሶ እዚህ ድረስ ይሰማል። እማዬ በሩ ላይ ቆማለች። ነርሷ ወንበር አወጣችላት፤ አልተቀመጠችም።